የፍልፈሉ ተረት ባለቤት፦ ከሆሳዕና እስከ ሙዱላ

ከጀሞ እስከ ሆሳዕና

በጥቅምት አጋማሽ፣ ሰኞ ማለዳ፣ ከጀሞ ተነስተን በዓለም ገና በኩል ወደ ሆሳዕና መንገድ ጀመርን። መኪናዋ አሮጌ ኮሮላ ናት። ሾፌራችን ከድር ይባላል፤ ቤተሰቦቹ የጉራጌ ሰዎች ናቸው፣ ሆሳዕና ውስጥ ሱቅ አላቸው። ከኋላ የተቀመጡት ጄፍሪ የሚባሉ እንግሊዛዊ የአኒሜሽን ዳይሬክተር ናቸው። ሰባ ዓመት አልፏቸዋል፤ ዕድሜያቸውን ሙሉ የልጆች ተረቶችን ወደ ፊልም ሲቀይሩ ኖረዋል። እኔ ማህሌት ነኝ፤ አዲስ አበባ ውስጥ ለልጆች የቴሌቪዥን ፕሮግራም አሻንጉሊት እሠራለሁ። በዚህ ጉዞ ላይ አስተርጓሚም ነበርኩ።

የጉዞው ምክንያት አንድ ተረት ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት ሆሳዕና ውስጥ ለትምህርት ቤቶች የታተመች ቀጭን የተረት መጽሐፍ በሰው እጅ ለንደን ደርሳ፣ ጄፍሪ ከውስጧ አንዱን ተረት በእንግሊዝኛ ተተርጉሞላቸው ያነቡታል። የተረቱ ራስጌ ላይ «በሃዲያና በከምባታ ከሚነገሩ የሕዝብ ተረቶች» የሚል እንጂ የሰው ስም የለም።

ተረቱ አጭር ነው። አንዲት ልጅ በተወለደች ጊዜ የተተከለላት እንሰት አላት። አንድ ቀን ቅጠሉ ሲጠወልግ ታያለች። መሬት ላይ ተኝታ ጆሮዋን አፈሩ ላይ ስታደርግ ፍልፈል ሥሩን ሲቆረጥም ትሰማዋለች። ተቆጥታ ለምን እንደሚበላው ስትጠይቀው፣ የሚበላው ነገር ምን እንደሚመስል አይቶ እንደማያውቅ ይነግራታል፤ ዓይን የለውማ። ልጅቷ ስለ ቅጠሉ ታወራለታለች። እሱም ለመስማት ብሎ መቆርጠሙን ያቆማል። እሷ ስለ ላይኛው ዓለም፣ እሱ ስለ ታችኛው ዓለም ሲያወሩ እንሰቱ ያድጋል። ተረቱ እዚያ ላይ ያበቃል።

ፊልሙን በገንዘብ የሚደግፈው የለንደን ፕሮዲዩሰር ግን እንዲህ እንዲያበቃ አልፈለገም። የእሱ ሐሳብ ፍልፈሉ በመጨረሻ ወደ ላይ ወጥቶ ዓይን እንዲያበቅልና ቅጠሉን እንዲያይ ነበር። ጄፍሪም ተስማምተዋል። የፍልፈሉን አሻንጉሊት የሠራሁት እኔ ነኝ፦ ከእውነተኛ የበግ ሱፍ፣ ውስጡ ሽቦ ያለው፣ እጅ ውስጥ የሚገባ። ለመጨረሻው ትዕይንት እንዲሆኑ ሁለት የብርጭቆ ዓይኖች ከሱፉ ሥር ደብቄለታለሁ። ፊልሙ እሺ ከተባለ ለእኔ የአንድ ዓመት ሥራ ነው፤ በሙያዬ እንዲህ ያለ ዕድል አግኝቼ አላውቅም።

ቡታጅራ ላይ ቁርስ በላን። ፍርፍሩ ጥሩ ነበር፤ ጄፍሪ ግን የወደዱት የአቮካዶ ጭማቂውን ነው፣ ሁለት ብርጭቆ ጠጡ። ከዚያ በኋላ በመንገዱ ግራና ቀኝ በርበሬ የተሰጣባቸው ግቢዎች ይታዩ ጀመር። ወራቤን አልፈን አየሩ ቀዝቀዝ ሲል ስለ ሥራቸው ጠየቅኳቸው።

ሥራ የጀመሩት በአሥራ ሰባት ዓመታቸው፣ ለንደን ውስጥ በአንዲት ጠባብ ስቱዲዮ ቀለም በማቡካት ነው። በኋላ ወደ አሻንጉሊት ፊልም ገቡ። አሻንጉሊቱን ትንሽ ያንቀሳቅሱታል፣ ፎቶ ያነሱታል፣ እንደገና ያንቀሳቅሱታል። ሳምንቱን ሙሉ ተሠርቶ የሚገኘው ጥቂት ሰከንድ ነው። ባቡር ስለሚነዳ ፍየል የሠሩት ተከታታይ ፊልም በአገራቸው ቴሌቪዥን ለዓመታት ታየ፤ ዛሬ አያት የሆኑ ሰዎች መንገድ ላይ አስቁመው የፍየሉን ድምፅ አሰሙን ይሏቸዋል። ከዚያ ኮምፒዩተሩ መጣና ስቱዲዮአቸው ተዘጋ። አሁን እጃቸው መንቀጥቀጥ ስለጀመረ አሻንጉሊት መያዝ ያዳግታቸዋል። የፍልፈሉ ፊልም የመጨረሻዬ ነው ብለዋል።

አንድ የሥራ ልማድ እንዳላቸውም ነገሩኝ። መጽሐፍ ወደ ፊልም ሲለውጡ፣ ደራሲው ፊት ለፊታቸው ተቀምጦ ጮክ ብሎ ሳያነብላቸው አንድ መስመር አይሥሉም። የት እንደሚያዘግም፣ የት እንደሚፈጥን ከአፉ መስማት ይፈልጋሉ። ይህኛው ተረት ደራሲ ስለሌለው፣ ቢያንስ ሲያወሩት ያደጉ ሰዎችን ልስማ ብለው ነው የመጡት።

ሆሳዕና የደረስነው ከምሳ በኋላ ነው። ባጃጁ ከመናኸሪያው ጀምሮ መንገዱን ሞልቶታል፤ ግማሽ ያህሉ ሕንፃ ገና በግንባታ ላይ ነው። ያረፍንበት ፔንሲዮን የከድር አክስት ነው፤ የአልጋ ዋጋ ከአዲስ አበባው በግማሽ ያነሰ ነው፣ ውሃው ግን የሚመጣው ጠዋት ጠዋት ብቻ ነው። ማታ አተካና ቀረበልን። ቡላ በቅቤና በወተት በዝግታ በስሎ የሚሠራ የሃዲያ ምግብ ነው፤ ጄፍሪ ጥቂት ማንኪያ ወስደው ትንፋሽ አጠራቸው፣ ከድር የቀረውን ጨረሰላቸው።

ጊምቢቹ

ማክሰኞ ወደ ሶሮ፣ ጊምቢቹ ከተማ ወረድን። መንገዱ በስንዴ ማሳ መካከል ያልፋል፤ ስንዴው ቢጫ መሆን ጀምሯል። ከድር የሚያውቃቸው አንድ የእህል ነጋዴ ሱቃቸው በር ላይ አግዳሚ ወንበር አወጡልንና ሦስት ሽማግሌዎችን ጠሩልን። ሽማግሌዎቹ በሃዲይኛ ያወራሉ፣ ነጋዴው ወደ አማርኛ ይመልሱልኛል፣ እኔ ወደ እንግሊዝኛ።

ስለ ፍልፈል ብዙ ያውቃሉ። እንሰት እንዴት እንደሚያደርቅ፣ በምን እንደሚጠመድ፣ ጃርት ከእሱ እንደሚብስ ነገሩን። የጅብና የጦጣ ተረትም አወሩልን፤ ጄፍሪ ቋንቋው ባይገባቸውም እየሳቁ ቀዱት። የእኛን ተረት ስነግራቸው ግን እስከ መጨረሻው አዳመጡና አንዱ ሽማግሌ አንድ ነገር አሉ። ነጋዴው ፈገግ ብለው ተረጎሙልኝ፤ ጥሩ ተረት ነው፣ ዛሬ ገና መስማታችን ነው ማለታቸው ነው።

ያን ዕለት ከሰዓት ሆሳዕና ተመልሰን ሌሎች ሰዎችንም ጠየቅን። የሚያውቀው አልተገኘም። ጄፍሪ ምናልባት የከምባታ ብቻ ይሆናል አሉ።

ዶዮገና

ረቡዕ በጠዋት ወደ ዶዮገና ወጣን። ደጋ ነው፤ ፀሐይ ወጥታም ጃኬት አይወልቅም። እንሰት ቤቶቹን ከኋላ አቅፎ ይታያል፤ ከፊት ለፊት ጎመን፣ ድንችና ላታቸው የሰፋ በጎች አሉ። ጄፍሪ መኪናውን እያስቆሙ የእንሰቱን ግንድ በቅርብ ፎቶ ያነሱ ነበር። ከታች ያለው ቡናማና ወይን ጠጅ ቀለም በአሻንጉሊት መሥሪያዬ ውስጥ ከሠራሁት እንሰት ጋር እንደማይመሳሰል አሳዩኝ፤ እውነታቸውን ነበር።

ገበያው አጠገብ ቆጮና ጎመን በምትሸጥ ቤት ምሳ በላን። ባለቤቷ አበበች ትባላለች፤ ሃምሳዎቹን አጋምሳለች። ቆጮውን ስታቀርብ ተረቱን ጠየቅኳት። ገና የልጅቷን እንሰት ስጠራ ፊቷ በራ፤ እስከ መጨረሻው ራሷ ጨረሰችው። ጄፍሪ መቅጃቸውን ለማውጣት ሲጣደፉ ሹካቸው ወደቀ።

ከእናቷ ሰምታው እንደሆነ ጠየቅኳት። አልነበረም። ትልቁ ልጇ አራተኛ ክፍል እያለ ከትምህርት ቤት ይዞት የመጣ ነው። ለክፍሉ ልጆች የነገረቻቸውም መምህርታቸው ወርቅነሽ ናት።

«መጽሐፍ ላይ አግኝታው ነው?» አልኳት።

«ኧረ ራሷ ናት ያወጣችው። ታሪኩ ለሚባል ልጅ ብላ። ዓይኑ እየጠፋ የነበረ ልጅ ነበር እነሱ ክፍል።»

ለጄፍሪ ተረጎምኩላቸው። መቅጃውን አጠፉና ሳህናቸውን ገፋ አደረጉት። ደራሲ የለውም ያሉት ተረት ደራሲ አለው፤ በሕይወትም አለች። አበበች እንደነገረችን መምህርቷ ጡረታ ወጥታ ወደ ትውልድ አገሯ ወደ ሙዱላ ሄዳለች።

ጄፍሪ ወዲያው እንሂድ አሉ። እኔ ያሰብኩት ሌላ ነበር። ኮንትራቱ ላይ የተጻፈው «የሕዝብ ተረት» ነው፤ ፕሮዲዩሰሩ ባለቤት ያለው ተረት ይፈልግ እንደሆነ አላውቅም። መኪና ውስጥ ይህንን ለጄፍሪ ነገርኳቸው። አንጋጫን አልፈን የሐምበሪቾ ተራራ በግራችን ሲመጣ፣ ሰው መኖሩን ካወቅኩ በኋላ እንዳላወቅኩ ልሆን አልችልም አሉኝ። ከዚያ በኋላ ስለዚህ አልተነጋገርንም። ያን ቀን ዱራሜ አደርን።

ሙዱላ

ሐሙስ በሺንሺቾና በሀደሮ በኩል ወደ ሙዱላ ተጓዝን። ከዱራሜ በኋላ መንገዱ እየወረደ አየሩ ይሞቃል፤ ሀደሮ አካባቢ የዝንጅብል ማሳ በዝቷል። አስፋልቱ አንዳንድ ቦታ ተቦርቡሯል፤ ከድር ከመኪናው ሆድ ሥር ድምፅ በሰማ ቁጥር ሬዲዮውን ይዘጋል። በዕለቱ ገበያ ስለነበረ የሙዱላ መግቢያ በሰውና በአህያ ተዘግቶ ቆምን።

የመምህርቷን ቤት ለማግኘት አልተቸገርንም፤ የጠየቅነው ሰው ሁሉ ያውቃታል። ግቢዋ ንጹሕ ነው፣ ማንጎ ዛፍ አለው። ወይዘሮ ወርቅነሽ ቀጠን ያሉ፣ ፀጉራቸው የነጣ፣ ቀስ ብለው የሚናገሩ ሴት ናቸው። ማንጎው ሥር ወንበር አስቀመጡልን፣ ለስላሳ አስገዙልን፤ የመጣንበትን ሳንናገርም ጸሎት አደረጉ።

ጄፍሪ ስለ ራሳቸው ተናገሩ፤ ስለ ፍየሉም ስለ ስቱዲዮውም። መጽሐፏን አሳዩዋቸው። ወይዘሮ ወርቅነሽ ገጹን ገልጠው ረጅም ጊዜ አነበቡት። ስማቸው አለመኖሩ ያናደዳቸው አልመሰለኝም፤ አንድ ቃል ላይ ግን ጣታቸውን አድርገው እኔ እንዲህ አላልኩም አሉ።

ከዚያ ጄፍሪ ተረቱን እንዲነግሯቸው ለመኗቸው። በከምባትኛ ነገሯቸው። በእናቴ በኩል ቋንቋውን ትንሽ እሰማለሁ፤ ጄፍሪ ግን አንድ ቃል ሳይገባቸው ዓይናቸውን ከወይዘሮዋ አፍ ላይ ሳያነሱ አዳመጡ። ፍልፈሉ ሲናገር የወይዘሮ ወርቅነሽ ድምፅ አልቀጠነም፣ አልተለወጠም። ልክ እንደ ልጅቷ ነበር የሚናገረው።

ሲጨርሱ ጄፍሪ በፊልሙ መጨረሻ ፍልፈሉ ዓይን እንደሚያወጣ እንድነግራቸው አዘዙኝ። ከእሳቸው ሊደብቁት አልፈለጉም። ነገርኳቸው።

ወይዘሮ ወርቅነሽ የጠርሙሱን ቆርኪ እያገላበጡ ቆዩ። «እንደሱ ከሆነ አይሆንም ልጄ» አሉኝ።

ለመተርጎም አፌን ከመክፈቴ በፊት በራሳቸው እንግሊዝኛ፣ ክፍል ውስጥ እንደሚያስተምሩ ሆነው፣ ቃል በቃል ለያይተው ለጄፍሪ ደገሙላቸው። ጄፍሪ ራሳቸውን ዝቅ አደረጉ። እኔ ስለ አንድ ዓመቱ ሥራ እያሰብኩ፣ ምክንያቱን ይንገሩን አልኳቸው።

«ታሪኩ አራተኛ ክፍል ሲገባ ሰሌዳው አልታየው አለ» አሉ። «አባቱ ሆሳዕና ወሰደው፣ አዲስ አበባም ወሰደው። ሐኪሞቹ አይድንም አሉ። ልጁ ጥግ ተቀምጦ ዝም አለ፣ ሌሎቹም ዝም አሉት። እኔ ምን ላድርግ? ይድናል ብዬ ልዋሽ? አልችልም። ልጆቹ እንዲያወሩለት፣ እሱም እንዲያወራላቸው ብዬ ነው ያመጣሁት። መጨረሻ ላይ ፍልፈሉ ዓይን ካወጣ ለእሱ ምን ነገርኩት?»

ቀጥለውም ወይዘሮ ወርቅነሽ ተረቱ ከእሳቸው ይልቅ የልጁ የታሪኩ ነው አሉ። አሁን ዱራሜ ውስጥ የሁለተኛ ደረጃ መምህር ነው፤ ታሪክ ያስተምራል። እሱ እሺ ካለ እሳቸውም እሺ ይላሉ፤ እሱ ካልፈቀደ ጉዳዩ እዚያው ያበቃል። የስልክ ቁጥሩን ሰጡን፤ ፊታችን ደውለውም እንደምንመጣ ነገሩት።

ዱራሜ

አርብ ከሰዓት፣ የትምህርት ሰዓት ሲያልቅ፣ መምህር ታሪኩን ከትምህርት ቤቱ ፊት ለፊት ካለ ሻይ ቤት አገኘነው። ሠላሳዎቹ አጋማሽ ላይ ያለ፣ ሸሚዙን በደንብ የተኮሰ፣ ነጭ በትሩን ጠረጴዛው ላይ አጥፎ ያስቀመጠ ሰው ነው። የሻይ ቤቱ ደንበኛ በመሆኑ ሻዩን ያዘዘልን እሱ ነው፤ ከድርም ከእኛ ጋር ተቀመጠ።

መጀመሪያ በላፕቶፕ የሙከራ ትዕይንቱን አሰማነው። ሁለት ደቂቃ አይሞላም። ጆሮውን ወደ ድምፁ አዘንብሎ ሰማና ፍልፈሉ ለምን እንደ ሕፃን እንደሚያለቅስ ጠየቀ። ጄፍሪ እንዲያሳዝን ፈልገው እንደሆነ ተናገሩ። ታሪኩ ፈገግ አለና፣ ፍልፈል እንሰት የሚያደርቅ እንስሳ ነው፣ ማንም አዝኖለት አያውቅም አለ። ከድር ሳቀ።

ከዚያ አሻንጉሊቱን ከቦርሳዬ አውጥቼ እጁ ላይ አስቀመጥኩለት። ሱፉን፣ ጥፍሮቹን፣ ጥርሶቹን አንድ በአንድ ዳሰሰ። ሽቦው እንዴት እንደሚታጠፍ አሳየሁት፤ ራሱ አጠፈው። ጣቶቹ ወደ ፊቱ ሲደርሱ ቆሙ። ከሱፉ ሥር ያሉትን ሁለት ጠጣር ነገሮች አገኛቸው።

«ይሄ ምንድን ነው?» አለኝ።

ዓይኖቹ መሆናቸውን፣ በመጨረሻው ትዕይንት ላይ እንደሚወጡ ነገርኩት። የሰፋኋቸው እኔ ራሴ ነኝ፤ እንዳይታዩ አድርጌ በመደበቄ ደስ ብሎኝ ነበር። አሁን እጁ ላይ ሆነው ሳያቸው አፈርኩ።

ታሪኩ አሻንጉሊቱን ጠረጴዛው ላይ አደረገው፤ አልተቆጣም። ሻዩን ጠጥቶ ሲያበቃ በእንግሊዝኛ ለጄፍሪ ተናገረ፤ ለከድር ብሎ ደግሞ በአማርኛ ደገመው።

«ዓይኔ ቢበራልኝ ደስ ይለኛል፤ አልዋሽም። ግን እስኪበራልኝ ቆሜ አልጠበቅኩም። ተምሬያለሁ፣ አግብቻለሁ፣ ሁለት ልጆች አሉኝ። ፊልማችሁ ላይ ፍልፈሉ የሚደሰተው ዓይን ሲያወጣ ብቻ ከሆነ፣ እስከዚያ የነበረው ሕይወቱ ምን ሊባል ነው? ክፍሌ ውስጥ የማያዩ ሁለት ተማሪዎች አሉ። እነሱም ይሰሙታል።»

ጄፍሪ አሻንጉሊቱን አነሱ። ትንሽ መቀስ ይኖረኝ እንደሆነ ጠየቁኝ። ነበረኝ። ስፌቱን ለመፍታት ሞከሩና እጃቸው እምቢ ሲላቸው ለእኔ ሰጡኝ። ሱፉን ሰንጥቄ ሁለቱን ብርጭቆዎች አወጣሁ፣ እዚያው መልሼ ሰፋሁት። ታሪኩ እንደገና ፊቱን ዳሰሰ። አሁን ፍልፈል ነው አለ።

ያን ምሽት ጄፍሪ ዱራሜ ካረፍንበት ፔንሲዮን በረንዳ ለለንደን ደወሉ። ንግግሩ አጭር አልነበረም፤ ድምፃቸውን ከፍ ሲያደርጉ የሰማኋቸው ያን ጊዜ ብቻ ነው። ሲጨርሱ መጥተው ነገሩኝ። ፕሮዲዩሰሩ ፍልፈሉ ዓይን በማያወጣበት መጨረሻ ረጅሙን ፊልም አልሠራም ብሏል። የሚሰጠው ለአጭር ፊልም የሚሆን ብቻ ነው፤ የእኔም ሥራ ከአንድ ዓመት ወደ አራት ወር ወርዷል። ይቅርታ ጠየቁኝ። አልተከፋሁም ብል ውሸት ነው። ነገር ግን እነዚያን ዓይኖች መልሰሽ ስፊ ብባል የምሰፋቸው አልመሰለኝም፤ ይህንኑ ነገርኳቸው።

ቅዳሜ ጠዋት ታሪኩ ለመምህርቷ ደወለ። በከምባትኛ ተነጋገሩ፤ እሱ አንድ ሁለት ጊዜ እንደ ተማሪ «እሺ መምህር» ሲል ሰማሁት። እሱ እሺ በማለቱ ወይዘሮ ወርቅነሽም ፈቀዱ። የጠየቁት አንድ ነገር ነው፦ ፊልሙ ሌላ አገር ከመታየቱ በፊት ተረቱ በተነገረበት በዶዮገና ትምህርት ቤት ይታይ። ጄፍሪ ደግሞ የፍልፈሉን ድምፅ ታሪኩ እንዲሆን ጠየቁት። ላስብበት ብሎ ሳቀ፤ ከሰዓት በኋላ ግን ባዶ ክፍል ውስጥ ገብተን ቀዳነው። ድምፁን አላቀጠነም።

መመለስ

እሑድ በመጣንበት መንገድ ተመለስን። ሆሳዕና ላይ የከድር አክስት ለመንገድ ዳቦና ሙዝ ቋጠሩልን። ጄፍሪ እስከ ወራቤ ተኝተው ነበር። ሲነቁ፣ በአምሳ ዓመት ሥራቸው ደራሲ ተረቱን ሲከለክላቸው ይህ የመጀመሪያው እንደሆነ ነገሩኝ፤ ቅር ያላቸው ግን አይመስሉም ነበር። ቡታጅራ ላይ ጭማቂ አልጠጡም፤ ሆዳቸውን አሟቸዋል።

ጀሞ የደረስነው አመሻሽ ላይ ነው። ቤቴ ገብቼ ሻንጣዬን ሳልፈታ ጠረጴዛዬ ላይ ተቀመጥኩ። እስከዚያ ቀን ድረስ «የሕዝብ ተረት» የሚል ሳይ ባለቤት የሌለው ነገር ማለት ይመስለኝ ነበር፤ እንደ ወንዝ ውሃ የፈለገ የሚቀዳው። አሁን ማን ለማን እንደተናገረው ሳልጠይቅ አንድ አሻንጉሊት የምሰፋ አይመስለኝም። ሁልጊዜ መልስ አይገኝ ይሆናል። መጠየቁ ግን ከሰው ይጠበቃል።

በሚቀጥለው ሳምንት ጄፍሪ ለንደን ሆነው የፊልሙን የመግቢያ ገጽ ላኩልኝ፤ አማርኛውን እኔ ጻፍኩት። ከርዕሱ ሥር «ደራሲ፦ ወርቅነሽ ላምበቦ» ብዬ በቴሌግራም ለወይዘሮ ወርቅነሽ ላክሁላቸው። ይደሰታሉ ብዬ ጠብቄ ነበር። መልሳቸው በማግስቱ ደረሰኝ፤ ሰላምታ ከጻፉ በኋላ እንዲህ ይላል፦

«የአባቴ ስም ላምቤቦ ነው እንጂ ላምበቦ አይደለም። አርሚው።»

አረምኩት።